በአጭር ሥነ ሥርዓት ተከሰሳችሁ? የመከላከያ ፈቃድ እንዲህ ይጠየቃል

ብዙ ሰው የክስ መጥሪያ ሲደርሰው የቀጠሮውን ቀን አይቶ ወረቀቱን መሳቢያ ውስጥ ይከታል። «በቀጠሮዬ ቀርቤ ለዳኛው አስረዳለሁ» ይላል። በመደበኛ ክስም ቢሆን ይሄ አደገኛ ነው። ክሱ በአጭር ሥነ ሥርዓት፣ ማለትም ልኩ የታወቀ ገንዘብ ያለ ረጅም ክርክር እንዲፈረድ በሚጠየቅበት መንገድ፣ የቀረበ ከሆነ ግን ሳይከራከሩ መሸነፍ ማለት ነው።

ምክንያቱም በዚህ ዓይነቱ ክስ ተከሣሽ ዝም ብሎ ቀርቦ መከራከር አይችልም። መጀመሪያ «ልከላከል ይፈቀድልኝ» ብሎ በጽሑፍ፣ በቃለ መሐላ አስደግፎ፣ በተሰጠው ጊዜ ውስጥ መጠየቅ አለበት። ካልጠየቀ ለከሣሽ ይፈረድለታል፤ የጠየቀው ገንዘብ፣ ወለድ ካለው ከነወለዱ፣ ከነወጪው። ምስክር አይሰማም። «እኔ እኮ ግማሹን ከፍያለሁ» የሚለውን የሚሰማ ጆሮ በዚያን ሰዓት የለም።

መርካቶ ውስጥ በዱቤ ዕቃ የሚያነሱ፣ ፒያሳና ሜክሲኮ አካባቢ ለወዳጅ ብድር ዋስ የሆኑ፣ ቼክ ፈርመው የሰጡ ሰዎች እውነት በእጃቸው እያለ በዚህ በር ሲሸነፉ ማየት ያናድዳል። ስለዚህ መንገዱን ከመጥሪያው እስከ ይግባኙ እንየው።

መጀመሪያ ወረቀቱን በደንብ አንብቡ

የደረሳችሁ መጥሪያው ብቻ ሳይሆን የክስ ማመልከቻውና አባሪዎቹም ናቸው። ማመልከቻው ላይ፣ ብዙ ጊዜ ከላይ አካባቢ፣ «በአጭር ሥነ ሥርዓት የቀረበ ክስ» ወይም «በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 284 መሠረት» የሚል አለ ወይ? አብሮትስ የከሣሽ ቃለ መሐላ ተያይዟል? ከሣሹ ዕዳው እውነት መሆኑን፣ የገንዘቡን ልክ፣ እንዲሁም ተከሣሹ መከላከያ እንደሌለው እንደሚያምን ምሎ የሚያቀርበው ጽሑፍ ማለት ነው። እነዚህን ካያችሁ ጉዳዩ ይሄ ነው። መጥሪያው ራሱም «የመከላከያ ፈቃድ መጠየቂያችሁን እስከዚህ ቀን አቅርቡ» የሚል ትዕዛዝ ይኖረዋል። ያቺን ቀን አክብቡባት።

ሕጉ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው፤ ከቁጥር 284 እስከ 292 ያለው ክፍል። በዚህ መንገድ መክሰስ የሚቻለው ልኩ የታወቀ ገንዘብ ሲጠየቅ ብቻ ነው። ከውል የመጣ ዕዳ፣ ቼክ፣ የተስፋ ሰነድ (ይህን ያህል እከፍላለሁ ተብሎ የተፈረመ የንግድ ወረቀት)፣ የተወሰነ ገንዘብ ለመክፈል የተፈረመ ሰነድ፣ ወይም ለእንዲህ ያለ ዕዳ የተገባ ዋስትና ሊሆን ይችላል። ከሣሽ የጉዳት ካሣ፣ ገና በባለሙያ የሚሰላ ኪሳራ፣ ዕቃ ማስረከብ ወይም ቤት ማስለቀቅ ከጠየቀ እዚህ ውስጥ አይገባም። እንዲያ ከሆነ አንዱ መቃወሚያችሁ እሱ ነው፤ ክሱ በመደበኛው ሥርዓት ይታይልኝ ትላላችሁ። ግን ይህንንም የምትሉት በፈቃድ መጠየቂያችሁ ውስጥ ነው። «ክሱ በተሳሳተ መንገድ ስለመጣ መልስ አያስፈልገኝም» ብሎ እጅ አጣጥፎ መቀመጥ አያዋጣም።

የቱ ፍርድ ቤት እንደሆነም እዚያው ላይ እዩ። በ2013 በወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ መሠረት እስከ 10 ሚሊዮን ብር ያለ የፍትሐ ብሔር ክስ በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት፣ ከዚያ በላይ ያለው በከፍተኛው ፍርድ ቤት ይታያል። «ልደታ» ሲባል ሰው አንድ ፍርድ ቤት ብቻ ይመስለዋል። ከፍተኛውም እዚያ ነው፣ የመጀመሪያ ደረጃውም የልደታ ምድብ አለው። የመዝገብ ቁጥሩንና የችሎቱን ስም በስልካችሁ ፎቶ አንሱ። ሬጅስትራር (የፍርድ ቤቱ መዝገብ ክፍል) መስኮት ላይ ቆማችሁ «የኔ መዝገብ የት ነው?» ስትሉ የሚጠይቋችሁ ያንን ነው።

በሽምግልና ሰበብ ቀኑን አታሳልፉ

ይህን ለብቻው የጻፍኩት ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ስለሆነ ነው። መጥሪያው ሲደርስ ተከሣሽ ለከሣሽ ይደውላል። ከሣሽም «ወንድሜ፣ እሱን ወረቀት ተወው፣ እኛው ቁጭ ብለን እንነጋገራለን» ይለዋል። ሽማግሌ ይገባል፣ ቡና ይጠጣል፣ ሳምንት ያልፋል። ከሣሹ ምናልባት ከልቡ ይሆናል፤ ጠበቃው ግን መዝገቡን ይከታተላል፣ ፍርድ ቤቱም ስለ ሽምግልናው የሚያውቀው ነገር የለም። በቀኑ ምንም ካልገባ ይፈረዳል።

ታረቁ፣ ጥሩ ነው። ግን መጠየቂያውን እያስገባችሁ ታረቁ። ከተስማማችሁ ስምምነቱን በጽሑፍ አድርጋችሁ ሁለታችሁም ፈርማችሁ ለችሎቱ አቅርቡና በመዝገቡ ላይ ይጽደቅ። በቃል «ጨርሰናል» የተባለ ዕርቅ መዝገብ አይዘጋም።

መከላከያ አላችሁ ወይ? ይሄን ከልብ ፈትሹ

«ክሱ ሐሰት ነው፣ ከሣሽ ሊጎዳኝ ነው» የሚል መጠየቂያ ፈቃድ አያስገኝም። ፍርድ ቤቱ በዚህ ደረጃ ማን እውነተኛ እንደሆነ አይወስንም። የሚያየው አንድ ነገር ነው፦ እዚህ መዝገብ ውስጥ በእርግጥ ሊያከራክር የሚችል ነጥብ አለ ወይስ ተከሣሹ ጊዜ እየገዛ ነው? እናንተ ማሳየት ያለባችሁ ያንን የሚያከራክር ነጥብ ነው፣ በተቻለ መጠን ከወረቀት ጋር።

ከፍያለሁ የሚል ከሆነ፣ ወረቀት አምጡ። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2472 ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ በፍርድ ቤት በተደረገ እምነት (ዕዳ አለብኝ ብሎ በማመን) ወይም በመሐላ ነው ይላል፤ ብድር መመለስም እንዲሁ ነው። ስለዚህ «እገሌና እገሌ ባሉበት በጥሬው ቆጥሬ ሰጥቻለሁ» ብላችሁ ሦስት ምስክር ብትቆጥሩ ብድር ላይ አያዋጣም። የባንክ ስቴትመንት፣ የገቢ ደረሰኝ፣ በእጁ «ተቀብያለሁ» ብሎ የፈረመው ቁራጭ ወረቀት ይሠራል። በሞባይል ባንኪንግ ወይም በቴሌብር ከፍላችሁ ከሆነ የስልክ ስክሪን ፎቶ ብቻ ይዛችሁ አትሂዱ። ባንካችሁ ሄዳችሁ ማኅተም ያረፈበት ስቴትመንት አውጡ፣ የክፍያውን የግብይት ቁጥርም አስምሩበት። እዚህ ላይ አንድ የምትረሳ ነገር አለች። ባንክ የሚያትመው በፈረንጅ ቀን ነው፣ ክሱ የተጻፈው በኛ ነው። መጠየቂያችሁ ውስጥ ሁለቱንም ጻፉ፤ አለበለዚያ የከሣሽ ጠበቃ «ይህ ክፍያ ከውሉ በፊት የተደረገ ነው» ብሎ ሌላ ክርክር ይከፍትባችኋል።

ምንም ወረቀት ከሌላችሁስ? ያኔ ከሣሹ ራሱ ችሎት ቀርቦ በመሐላ እንዲጠየቅ ማመልከት ነው የሚቀረው። ደካማ መንገድ ነው፤ ግን የማይምል ሰው አለ።

ወለዱን አስሉ። ብዙ የግለሰብ ብድር የሚበላሸው እዚህ ነው። በቁጥር 2479 መሠረት ወለድ ካልተዋዋሉ አይከፈልም፤ ውሉ ከተደረገም በጽሑፍ መሆን አለበት፣ በዓመት ከ12 በመቶም መብለጥ አይችልም። ከዚያ በላይ ከተስማሙ ወይም ልኩን በጽሑፍ ካላሠፈሩት የሚታሰበው 9 በመቶ ነው። ባንክ ላይ ይህ አይሠራም፣ የባንክ ብድር የራሱ ሥርዓት አለው። አበዳሪያችሁ ግለሰብ ከሆነና «በወር 10 በመቶ» ብሎ ካስፈረማችሁ ግን የወለዱ ክፍል ላይ ጥሩ መከላከያ አላችሁ። ችግሩ አራጣ አበዳሪ ወለዱን ለብቻው አይጽፍም። 300,000 ሰጥቶ 480,000 ብሎ ያስፈርማል። የተፈረመ ሰነድን ደግሞ በምስክር ማፍረስ ሕጉ አይፈቅድም። ስለዚህ በትክክል የተቀበላችሁትን ልክ የሚያሳይ ሌላ ጽሑፍ መፈለግ አለባችሁ። ገንዘቡ በባንክ የገባላችሁ ከሆነ ያቺ አንድ መስመር ትልቅ ነገር ናት።

ዋስ ሆናችሁ ከተከሰሳችሁ የዋስትና ውሉን ኮፒ ይዛችሁ ሦስት ነገር ፈትሹ። በጽሑፍ ነው? ሁለት ምስክሮች ፈርመውበታል? የዋስትናው ከፍተኛ ልክ በቁጥር ተጽፏል? የመጨረሻው ብዙ ጊዜ ይረሳል። ከፍተኛው ገንዘብ ያልተገለጸበት ዋስትና በቁጥር 1922 መሠረት ፈራሽ ነው። «ለወንድሜ ብድር ሙሉ ኃላፊነት እወስዳለሁ» የሚል ወረቀት ላይ የፈረመች እህት ገንዘቡ ስንት እንደሆነ ካልተጻፈበት ዝም ብላ መክፈል የለባትም። ሌላም አለ፦ ከባለዕዳው ጋር «በአንድነትና በነጠላ» ብላችሁ ካልፈረማችሁ መጀመሪያ የባለዕዳው ንብረት ይጠየቅ ማለት ትችላላችሁ።

ቼክ ከሆነ ነገሩ ጠበቅ ይላል። ቼክ እንደቀረበ የሚከፈል ሰነድ ስለሆነ «ለመያዣ ነው የሰጠሁት» ማለት ብቻውን አያድንም። ግን ቼኩን የያዘው እናንተ በቀጥታ የሰጣችሁት ሰው ራሱ ከሆነ ከጀርባው ያለውን ግንኙነት ማንሳት ይቻላል፤ ዕቃው አልደረሰኝም፣ ግማሹን ከፍያለሁ፣ ውሉ ፈርሷል ማለት ትችላላችሁ። ቼኩ በጀርባው ተፈርሞ ለሦስተኛ ሰው ተላልፎ ከሆነና ያ ሰው ቅን ከሆነ ይህ በር ይዘጋል፤ እናንተን ለመጉዳት እያወቀ እንደተቀበለው ካላስረዳችሁ በቀር። ሌላው ነገር ቀን ነው። ቼክ ለክፍያ መቅረብ ያለበት በላዩ ከተጻፈው ቀን አንሥቶ በ6 ወር ውስጥ ነው፤ በቼክነቱ ለመክሰስም አጭር የይርጋ ጊዜ፣ ማለትም ካለፈ የመክሰስ መብት የሚቀርበት የጊዜ ገደብ፣ አለው። ባንኩ «በቂ ስንቅ የለውም» (ሒሳቡ ውስጥ በቂ ገንዘብ የለም) ብሎ የመለሰበትን ማኅተምና ቀን ተመልከቱ። ደረቅ ቼክ የወንጀል ጉዳይም እንደሚያስከትል አትርሱ። ፖሊስ ጋ የተጀመረ ነገር ካለ ለብቻው የሚሄድ ነው፤ ለእሱ የሰጣችሁት ቃልና ቃለ መሐላችሁ እንዳይጣረሱ ተጠንቀቁ።

ይርጋን ካነሣን፣ ፍርድ ቤት ይርጋን በራሱ አያነሣላችሁም። እናንተ ካላላችሁት ያለፈበት ዕዳም ይፈረዳል። የውል ዕዳ ጠቅላላው ይርጋ 10 ዓመት ነው፤ አጠር ያሉም አሉ። ፊርማው የናንተ ካልሆነ ደግሞ በግልጽ ካዱት፣ በፎረንሲክ ይመርመርልኝም በሉ። «አላስታውስም» ክህደት አይደለም።

ቃለ መሐላውን እንዴት እንጻፍ

ሁለት ጽሑፍ ነው የሚገባው። አንዱ ማመልከቻ ነው፤ ፈቃድ ይሰጠኝ የሚለው። ሌላው እሱን የሚደግፈው ቃለ መሐላ ነው። ሕጉ ቃለ መሐላው ላይ አንድ ነገር በግልጽ ይፈልጋል፦ መከላከያው የተጠየቀውን ገንዘብ ሁሉ የሚመለከት ነው ወይስ ከፊሉን? ከፊሉን ከሆነ የትኛውን?

ፍርድ ቤቱ በር ላይ ያሉ ጽሑፍ አገልግሎቶች ማመልከቻ ያዘጋጃሉ። ጎበዝ ጸሐፊዎች አሉባቸው። ግን ለሁሉም የሚሠራ አንድ ቅጽ አውጥተው ስም ብቻ እንዲቀይሩላችሁ አትፍቀዱ። ፍሬ ነገሩን እናንተ በቤታችሁ ጽፋችሁ ሂዱ። ለምሳሌ በዱቤ ጨርቅ ወስዶ ቼክ የሰጠና ከፊሉን የከፈለ ነጋዴ እንዲህ ሊል ይችላል፦

«ለክሱ መነሻ የሆነውን የ600,000 ብር ቼክ የፈረምኩት እኔ ነኝ። የሰጠሁትም ከከሣሽ በዱቤ ለወሰድኩት ጨርቅ ክፍያ ነው። ከዚህ ውስጥ ጥር 12 ቀን 250,000 ብር፣ የካቲት 3 ቀን 150,000 ብር በከሣሽ የባንክ ሒሳብ ገቢ አድርጌያለሁ። ባንኩ ማኅተም ያደረገበት ስቴትመንት በአባሪ 1 ተያይዟል። ከሣሽ ይህን ሳይቀንስ ሙሉውን ጠይቋል። ስለዚህ መከላከያዬ 400,000 ብሩን የሚመለከት ነው። ቀሪውን 200,000 ብር አልክድም።»

አጭር ነው። ስድብ የለበትም። የቼኩን ፊርማ አልካደም፤ ምክንያቱም ቢክድ ኖሮ ሌላው ቃሉ ሁሉ ይጠረጠርበት ነበር። ቀኑ፣ ልኩ፣ ማስረጃው አለ። ብዙ ሰው ያለበትን 200,000 ማመን ይፈራል። እኔ ግን ያለባችሁን እመኑ እላለሁ። እውነት ስለሆነ ነው፣ ደግሞም ዳኛ የሚያምነው ያለበትን ያመነ ተከሣሽን ነው። ይህ ሲባል ባመናችሁት ልክ ወዲያው ሊፈረድባችሁ እንደሚችል እያወቃችሁ ነው፤ ገንዘቡን አዘጋጁ።

ቃለ መሐላውን የሚሰጠው ነገሩን በዓይኑ ያየ፣ በእጁ የሠራ ሰው መሆን አለበት። የተከሰሰው ድርጅት ከሆነ ክፍያውን የፈጸመው ሥራ አስኪያጅ ወይም ሒሳብ ሠራተኛ ቢምል ይሻላል። ጠበቃው «ደንበኛዬ እንደነገረኝ» ብሎ የሚምለው ክብደት የለውም። መሐላው የት እንደሚፈጸም አስቀድማችሁ ሬጅስትራሩን ጠይቁ። በሐሰት መማል ወንጀል ስለሆነ እርግጠኛ ያልሆናችሁበትን ቁጥር አትጻፉ።

ከተቻለ «ፈቃድ ቢሰጠኝ የማቀርበው መልስ ይህ ነው» ብላችሁ የመከላከያ መልሱን ረቂቅና የማስረጃ ዝርዝሩን አብራችሁ አያይዙ። ግዴታ ባይሆንም ነገሩን የምር እንደያዛችሁት ያሳያል። ጠበቃ ለማቆም አቅም ካላችሁ ደግሞ ገንዘባችሁን የምታወጡበት ደረጃ ይሄ ነው። አቅም ለሌላችሁ ሴቶች የኢትዮጵያ ሴቶች ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ነፃ የሕግ ምክር ይሰጣል፤ ሌሎቻችሁ ፍርድ ቤቱ ውስጥ ነፃ የሕግ ድጋፍ መስጫ ካለ ጠይቁ።

ማስገባት

በመጨረሻው ቀን አትሂዱ። ሲስተም ይቆማል፣ ሰልፍ ይረዝማል፣ ኮፒ ይጎድላል። ለፍርድ ቤቱ፣ ለእያንዳንዱ ከሣሽና ለራሳችሁ የሚበቃ ኮፒ አድርጉ፤ ገጾቹን ቁጠሩ፣ አባሪዎቹን ቁጥር ስጧቸው። በማመልከቻው መጨረሻ የጻፋችሁት እውነት መሆኑን በቁጥር 92 መሠረት አረጋግጣችሁ ፈርሙ። ዋናዎቹን ሰነዶች ይዛችሁ ሂዱ እንጂ አታስረክቡ፤ ለማመሳከር ሲጠየቁ ታሳያላችሁ። በራሳችሁ ኮፒ ላይ የገባበት ቀን ያለበት ማኅተም ካላረፈ መስኮቱን አትልቀቁ። ኋላ «አላቀረበም» ቢባል የሚናገርላችሁ ያ ማኅተም ነው።

ፍርድ ቤቱ ምን ይላል?

ሊጠራችሁና በመሐላ ሊጠይቃችሁ፣ ደብተርና ሰነድ አምጡ ሊላችሁ ይችላል። የሱቅ የዱቤ ደብተራችሁን ቀድማችሁ አዘጋጁ። ከዚያ ከአራት አንዱ ይሆናል። ያለ ምንም ቅድመ ሁኔታ ይፈቅዳል፤ ጉዳዩ እንደ መደበኛ ክርክር ይቀጥላል። ወይም በቅድመ ሁኔታ ይፈቅዳል፤ ብዙ ጊዜ ዋስትና አቅርብ ይላል፣ ቀንም ይቆርጣል። ያንን ቀን ካሳለፋችሁ ፈቃዱን እንዳላገኛችሁ ቁጠሩት። ወይም ለከፊሉ ይፈቅድና ባመናችሁት ላይ ይፈርዳል። ወይም ጨርሶ ይከለክልና ይፈርዳል። ብዙ ተከሣሾች ካላችሁ የአንዱ መከላከያ ለሌላው አያገለግልም። ባለዕዳው ስለተከራከረ ዋሱ ይድናል ብላችሁ አትተኙ፤ እያንዳንዳችሁ የየራሳችሁን አስገቡ።

ቀኑ ካለፈ ወይም ከተፈረደ

መጥሪያው በትክክል ካልደረሳችሁ፣ ለምሳሌ ለቀድሞ አድራሻ ተሰጥቶ ወይም የማታውቁት ሰው ፈርሞበት ከሆነ፣ ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ካላችሁ፣ ለምሳሌ ሆስፒታል ተኝታችሁ ከነበረ፣ ፍርዱን ለሰጠው ችሎት በቁጥር 292 መሠረት ፍርዱ ይነሣልኝ፣ አፈጻጸሙ ይታገድልኝ፣ የመከላከያ ፈቃድም ይሰጠኝ ብላችሁ ማመልከት ትችላላችሁ። ምክንያቱን በማስረጃ አቅርቡ፤ የሐኪም ወረቀት፣ የቤት ኪራይ ውል፣ ቀኑን የሚያሳይ የጉዞ ሰነድ ይጠቅማል። መከላከያችሁንም እዚያው ጨምሩበት። መጥሪያ አልደረሰኝም ብቻ ብሎ መከላከያ የማያሳይ ሰው ፍርዱ ቢነሣለት ምን እንደሚጠቅመው ዳኛው ይጠይቃል። ባወቃችሁ ቀን ሩጡ፤ የአፈጻጸም መዝገብ ከተከፈተ ባንክ ሒሳባችሁ ሊታገድ፣ ዕቃችሁም ሊያዝ ይችላል።

ፈቃድ ጠይቃችሁ ተከልክላችሁ ከተፈረደባችሁ ግን መንገዱ ይግባኝ ነው። ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 60 ቀን አላችሁ፤ ከመጀመሪያ ደረጃ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት። የፍርዱን ግልባጭ በዚያው ሳምንት አመልክቱ፣ ግልባጭ ለማግኘት ጊዜ ይፈጃልና። በይግባኙ ላይ የምትከራከሩት «መክፈል የለብኝም» በሚለው ብቻ አይደለም፤ «የሚያከራክር ነጥብ አሳይቼ ሳለ ፈቃድ መከልከሌ ስሕተት ነው» በሚለውም ነው። ለዚህ ደግሞ ሥር ፍርድ ቤት ያስገባችሁት ቃለ መሐላ ውስጥ ነጥቡ ተጽፎ መገኘት አለበት። ይግባኝ ማቅረብ ብቻውን አፈጻጸሙን አያቆምም፤ የእግድ ማመልከቻ ለብቻው አዘጋጅታችሁ ከይግባኙ ጋር አስገቡ።